ከደሴ ሆኖ ከኮልካታ ጋር መወዳደር

ደሴ አራዳ ወርዳችሁ የወንድ የኪስ ቦርሳ ጠይቁ። መጀመሪያ የሚወጣላችሁ የቻይና ነው። ቀለሙ ያምራል፣ ስፌቱ ቀጥ ያለ ነው። ዋጋው ደግሞ እኔ ለአንዱ ቦርሳ ቆዳ ብቻ ከማወጣው ያንሳል። ዓለም አቀፍ ውድድር ሲባል ብዙ ሰው ባሕር ተሻግሮ የሚገጥመው ነገር ይመስለዋል። እኛን ግን ሱቃችን ድረስ መጥቶ ነው ያገኘን። ስለዚህ "ወደ ውጭ ልውጣ ወይስ እዚሁ ልቅር?" የሚለው አላስጨነቀኝም። ያስጨነቀኝ ሌላ ነው፤ ቆዳዬን ለርካሽነቱ ሳይሆን ለቆዳነቱ የሚፈልገው ማነው?

የቆዳውን ጉዳይ ከሩቅ መፈለግ አላስፈለገኝም። ከኮምቦልቻ ወደ ሚሌ በሚወስደው መንገድ 40 ኪሎ ሜትር ገደማ ስትሄዱ ባቲ አለች። የሰኞ ገበያዋን የወሎ ሰው ሁሉ ያውቀዋል፤ ደገኛውና አፋሩ የሚገናኙበት ነው። በቆዳ ንግድ ውስጥ ደግሞ ባቲ የጥራት መጠሪያ ናት። የባቲ ፍየል ቆዳ ወፈር ያለ፣ እንደልብ የሚተጣጠፍ፣ ውስጡም ንጹሕ ስለሆነ ለሱዌድ፣ ማለትም የውስጥ ገጹ ለስልሶ ወደ ውጭ ለሚወጣው ቆዳ፣ ተመራጭ ነው። በሙያው የቆየ የአውሮፓ ቆዳ ገዢ "ባቲ" ስትሉት የምትሉት ይገባዋል። ይህ ስም ግን ለብዙ ዘመን የጠቀመው ሌላውን ነው። ቆዳው ጥሬውን ወይም በከፊል ለፍቶ ይወጣል፣ ሌላ አገር ቦርሳ ይሆናል። በ2000 ዓ.ም. ጥሬና በከፊል የለፋ ቆዳ ወደ ውጭ ሲላክ 150 በመቶ ታክስ እንዲከፈልበት የተደረገው ይህን ለመቀየር ነው።

እኔ ደሴ ውስጥ ትንሽ ወርክሾፕ አለኝ። የለፋ ቆዳ ገዝተን ቦርሳ እንሰፋለን። ጀርመንና ኔዘርላንድ ውስጥ ቦርሳ ለሚሸጡ ትንንሽ ሱቆች ኢሜይል መጻፍ ጀመርኩ። ለትልልቆቹ አልጻፍኩም። ትልቁ ኩባንያ የሚያዘው ብዛት ከአቅማችን በላይ ነው፤ ትንሹ ሱቅ ግን እንደኛው ትንሽ ነው፣ እንግባባለን ብዬ ነው። አብዛኞቹ አልመለሱም። የመለሱልኝ ግን ሁሉም ተመሳሳይ ነገር ጠየቁኝ። የቆዳው ውፍረት ስንት ሚሊ ሜትር ነው? ትንሹ ትዕዛዝ ስንት ነው? ስንት ሳምንት ይፈጃል? የላብራቶሪ ውጤት አለህ?

እኛ ገበያ ላይ መጀመሪያ የሚጠየቀው "መጨረሻው ስንት ነው?" ነው። እነሱ ዋጋ የጠየቁኝ መጨረሻ ላይ ነው። ይህን ሳይ ሥራዬን የማሳይበትን መንገድ በሙሉ ቀየርኩት። የሚያምር ፎቶ ከመላክ በፊት የውፍረት መለኪያ ገዛሁ።

ዋጋው ላይ ስንደርስ አንደኛው ደንበኛ ፊት ለፊት ነገረኝ። ከህንድ፣ ከኮልካታ ባነሰ ዋጋ እንደሚያገኝ። አላከራከርኩትም፣ እውነቱን ነው። ኮልካታ የቆዳ ቦርሳ ሥራ ትልቅ ማዕከል ነች። ቆዳው፣ ዚፑ፣ ዘለበቱ፣ ክሩ እዚያው አገር ውስጥ አለ። እኛ ጋ ከቆዳው በቀር ሁሉም ከውጭ ነው የሚመጣው። ሐምሌ 2016 ላይ የውጭ ምንዛሪው ለገበያ ሲለቀቅ ከ57 ብር ገደማ የነበረው ዶላር በሳምንታት ውስጥ ከ100 ብር አለፈ። ላኪ ይጠቀማል ተባለ። እውነት ነው፣ በዩሮ የሚከፈለኝ ብሩ ጨመረልኝ። ግን ዚፑም በዚያው ልክ ወጣ። ስለዚህ በዋጋ ኮልካታን አሸንፋለሁ ብዬ ማሰብ ተውኩ። ያንን የተወ ሰው ሌላ የሚይዘው ነገር ያስፈልገዋል።

እኔ የያዝኩት ጉድለትን ቀድሞ መናገር ነው።

የመጀመሪያው ከበድ ያለ ትዕዛዝ ሊቆረጥ ሲል አንዱን ቆዳ በር ላይ፣ የጠዋት ብርሃን ላይ ዘረጋነው። ከጀርባው መሐል በስተግራ ከመዳፍ የሚረዝም ጭረት አለ። እሾህ ነው፣ ፍየሉ ቁጥቋጦ ውስጥ ሲገባ የጫረው። አንገቱ አካባቢ ደግሞ ትንንሽ ነጠብጣብ፤ የእከክ ምልክት ነው። እከክ ፍየሉ በሕይወት እያለ ተባይ የሚያመጣበት ነው፤ ጸጉሩ ተነስቶ ቆዳው እስኪለፋ ድረስ በደንብ አይታይም። ታፋው ጋ በእርድ ጊዜ ቢላ የነካው ቦታም ነበር። እነዚህ ሦስቱ የአገራችንን ቆዳ ደረጃ የሚያወርዱት ናቸው፣ ሦስቱም አንድ ቆዳ ላይ ተገናኙ።

ስልኬን አውጥቼ ማስመሪያ አጠገቡ አድርጌ ፎቶ ሳነሳ ቆራጫችን ጋሼ ተቆጡ።

"ይሄን ለምን ታሳየዋለህ? ቀለም ሲገባ እኮ ይጠፋል።"

"ጋሼ፣ አንቱ ሲቆርጡ ያዩታል። እሱም ሳጥኑን ሲከፍት ያየዋል" አልኳቸው።

"ትዕዛዙን ቢሰርዘውስ?"

"አሁን ይሰርዘዋ፣ ገና አልቆረጥነውም።"

ሦስቱንም ፎቶ ላክሁ። ሥር አጭር ጽሑፍ አደረግሁ፤ ይህ ጭረት ነው፣ ቆዳውን አያደክመውም፤ ይህ እከክ ነው፣ ቀለም በእኩል አይቀበልም፤ ይህ የቢላ ነው፣ እዚህ ጋ ሊቀደድ ይችላል። መልሱ በማግስቱ መጣ። ሰውየው የቦርሳውን ሥዕል ልኮ በቀለም ከፋፍሎታል። የፊቱ ክዳን ንጹሕ ይሁን። ጀርባውና የውስጥ ኪሱ ላይ ጭረት ይፈቀዳል። እከክና ቢላ የትም አይግባ። ያቺን ሥዕል አትመን ከመቁረጫው ጠረጴዛ በላይ ለጠፍናት። ጋሼም ከዚያ ወዲህ ጭረት ሲያዩ ወደ ጀርባው ክፍል ያዞሩታል እንጂ አይጥሉትም። ከአንድ ቆዳ የምናወጣው ቁራጭ በግልጽ ጨመረ። ይህን ቁጠባ ያመጣው አዲስ ማሽን አይደለም፣ ሦስት ፎቶና አንድ ኢሜይል ነው። በየወርክሾፑ ላለ ሰው ሁሉ የምመክረው ይህንን ነው።

ከዚህ የሚከብደው "አልችልም" ማለት ነበር። እኛ ወሎዎች እንግዳ ባዶ እጁን አንመልስም፣ ይሉኝታ ይይዘናል። ደንበኛ ሲለምንህ "አብሽር፣ ይደርሳል" ማለት ነው የለመድነው። ለገና ገበያቸው ትዕዛዙን እጥፍ አድርገው ሲጠይቁኝ ግን ግማሹን ብቻ በቀኑ እንደማደርስ በዚያው ዕለት ጻፍኩ። ቀሪውን ከሌላ ቦታ አዘዙ። ከፋኝ ወይ? ትንሽ ከፍቶኛል። በዓመቱ ግን ያው ደንበኛ ትዕዛዙን ከወራት በፊት ላከልኝ፤ አቅማችንን ስላወቀ በእኛ ልክ አቀደ።

ቀን አጻጻፍ ላይም ጥብቅ ነኝ። የእኛ መስከረምና የእነሱ ሴፕቴምበር በአንድ ቀን አይገቡም። 5/6 ተብሎ ሲጻፍ ለአሜሪካዊው ሜይ 6 ነው፣ ለጀርመኑ ጁን 5። ስለዚህ ዕለቱን፣ የወሩን ሙሉ ስምና ዓመተ ምሕረቱን በእነሱ አቆጣጠር እጽፋለሁ፤ ወርክሾፑ ግድግዳ ላይ ያለው ደግሞ በእኛ ነው። በ2015 መጨረሻ ክልላችን ውስጥ የሞባይል ኢንተርኔት ሲቋረጥም እህቴ አዲስ አበባ ሆና ኢሜይሉን ከፍታ በስልክ ታነብልኝ ነበር። መልሱን እነግራታለሁ፣ እሷ ትጽፋለች። ደንበኞቼ መልስ እንደሚዘገይ ከነምክንያቱ ያውቁ ነበር። አንዳቸውም አልሄዱም።

ስለ ላብራቶሪው። ቆዳ በአብዛኛው የሚለፋው ክሮም በሚባል ኬሚካል ነው። የሚጠቀሙበት ክሮሚየም 3 ነው፤ አሠራሩ ካልተስተካከለ ግን ወይም ሙቀት ሲበዛበት ወደ ክሮሚየም 6 ሊቀየር ይችላል። ይህ ለሰው አለርጂ ያመጣል። የአውሮፓ ኅብረት እ.ኤ.አ. ከሜይ 2015 ጀምሮ የሰው ገላ የሚነካ የቆዳ ዕቃ በኪሎ 3 ሚሊ ግራምና ከዚያ በላይ ክሮሚየም 6 ከተገኘበት ለገበያ እንዳይቀርብ ከልክሏል። ስለዚህ ቆዳ ስገዛ መጀመሪያ የምጠይቀው ወረቀቱን ነው። ወረቀት የሌለውን ርካሽ ቆዳ አልነካም።

ሳጥኑ ደግሞ ራሱን የቻለ ትምህርት ነው። በአየር ስትልኩ የምትከፍሉት ለክብደት ብቻ አይደለም፣ ለያዘው ቦታም ነው። ፈጣን መልእክት አድራሾች ርዝመት፣ ስፋትና ቁመቱን በሴንቲ ሜትር አባዝተው ለ5000 ያካፍሉታል፤ ከሚዛኑ ከበለጠ የሚያስከፍሉት በዚያ ነው። 60 በ40 በ40 የሆነ ሳጥን 19.2 ኪሎ ይባላል፣ ውስጡ ያለው 8 ኪሎ ቢሆንም። እኛ ቦርሳውን በወረቀት ሞልተን፣ ቅርጹን ጠብቀን ነበር የምናሽገው። ደንበኛውን ጠየቅነው፤ ተጣጥፎ ቢመጣስ? እሱ ሱቁ ውስጥ ሊሞላው ተስማማ። ጎኑ ወደ ውስጥ እንዲታጠፍ ስፌቱን ትንሽ ለወጥነው። የሳጥኑ ቁመት ወደ 20 ወረደ፣ ሒሳቡም ወደ 9.6 ኪሎ። ከኮልካታ ጋር የነበረን የዋጋ ልዩነት ከሁሉ በላይ የጠበበው በዚህች እጥፋት ነው።

አንድ ነገር ግን በእጃችን አይደለም። የኮምቦልቻ ኢንዱስትሪ ፓርክ ሐምሌ 2009 ሲመረቅ የብዙዎቻችን ተስፋ አሜሪካ ነበረች፤ አጎዋ በሚባለው የአሜሪካ የንግድ ዕድል ያለ ቀረጥ መግባት። ታኅሣሥ 23 ቀን 2014 ያ ዕድል ለኢትዮጵያ ተዘጋ። ጦርነቱ ከተሞቻችንን ጎድቶ ካለፈ ገና ሳምንታት ነበር። ዋሽንግተን የተወሰነው ኮምቦልቻ የምትሠራ ልጅን እንጀራ ይነካል፤ ዛሬም ሳስበው ያንገበግበኛል። እኔ ከዚያ በኋላ ገበያዬ በአንድ አገር ፈቃድ ብቻ እንዳይንጠለጠል ወሰንኩ። አውሮፓ ከ2001 እ.ኤ.አ. ጀምሮ በጣም ላላደጉ አገሮች ከጦር መሣሪያ በቀር ሁሉንም ያለ ቀረጥ ያስገባል። ትንንሽ ላኪዎች፣ ይህን ልብ በሉ፤ ዕቃው ከ6000 ዩሮ ካልበለጠ ላኪው ሳይመዘገብ የኢትዮጵያ ምርት መሆኑን በደንቡ በተቀመጠው ቃል ኢንቮይሱ ላይ ራሱ መጻፍ ይችላል። ስንት ሰው ይህን ሳያውቅ ደንበኛው ቀረጥ ከፍሎ ተማሮ ይቀራል።

አሁን ከኔዘርላንዱ ሱቅ አዲስ ጥያቄ መጥቷል። የእጅ ጓንት። የደጋችን በግ ቆዳ ለጓንት በዓለም የታወቀ ነው፣ እኛ ግን ጓንት ሠርተን አናውቅም። ይህንኑ ጻፍኩላቸው፤ ናሙና ከማየታቸው በፊት ቀን እንዳይቆርጡ ነገርኳቸው። እንጠብቃለን አሉ። ደሴም ሆነ ኮምቦልቻ ጓንት መቁረጥ የሚችል ባለሙያ ካለ ይምጣ፣ ቆዳው ገብቷል።