እያለቀሰች የምታስቀው ተዋናይት

ድሬዳዋ ከቀኑ ስድስት ሰዓት በኋላ፣ የከዚራና የመጋላ ሱቆች በሮቻቸውን ዘግተው ከተማዋ ሙቀቱ እስኪበርድ ጋደም በምትልበት ሰዓት፣ እኔና እናቴ ቬንትሌተሩን ወደ ፍራሹ አዙረን ፊልም እናያለን። እ.ኤ.አ. በ2025 በኔትፍሊክስ የቀረበውንና የአንዲት የጄጁ ደሴት ሴትን ሕይወት ከልጅነት እስከ እርጅና የሚተርከውን ባለ 16 ክፍል የኮሪያ ድራማ ስንጨርስ፣ እናቴ ባለታሪኳን በጎልማሳነት ዕድሜዋ ሆና የተጫወተችውን ተዋናይት አስተውላ «ይቺ ሴትዮ እያለቀሰችም ታስቃለች እኮ» አለችኝ። እኔ ስለ እርሷ ካነበብኩት ሁሉ ይህ የእናቴ አስተያየት ይበልጥብኛል።

ተዋናይቱ ሙን ሶ ሪ ትባላለች። እ.ኤ.አ. በ1974 በቡሳን ከተማ ተወልዳ፣ በዩኒቨርሲቲ ሥነ ትምህርት ካጠናች በኋላ ሊ ቻንግ ዶንግ ባዘጋጀው «ፔፐርሚንት ካንዲ» ፊልም ታወቀች። በ2002 ከዚያው አዘጋጅ ጋር በሠራችው «ኦኤሲስ» ሴሬብራል ፖልሲ (የአካል እንቅስቃሴን የሚያውክ የአንጎል ጉዳት) ያለባትን ወጣት ሆና ተጫውታ፣ የቬኒስ ፌስቲቫል ለወጣት ተዋንያን የሚሰጠውን የማርቼሎ ማስትሮያኒ ሽልማት አገኘች። እኔን ግን የማረከችኝ ሆንግ ሳንግ ሱ በ2010 ባወጣው «ሃሃሃ» ውስጥ አስጎብኚ ሆና ነው፤ ሥራዋን ከልክ በላይ በቁም ነገር የምትይዝ፣ ስለ ከተማዋ ጀግና ስታወራ ድምፅዋ የሚለወጥ ሴት ናት። (ሐረር ሄዶ በጀጎል በሮች ሥር የአስጎብኚ ገለጻ የሰማ ሰው ከእኔ ጋር ይስቃል።)

ዋናው ወጌ ግን ራሷ ስላዘጋጀችው ፊልም ነው። ስሟ ከገነነና ዕድሜዋ አርባ ከደረሰ በኋላ፣ በቹንግ አንግ ዩኒቨርሲቲ የድኅረ ምረቃ ፊልም ትምህርት ስትከታተል የሠራቻቸው ሦስት አጫጭር ፊልሞች እ.ኤ.አ. በ2017 በአንድነት ለሲኒማ ቀረቡ፤ የኮሪያኛው ርዕስ ሲፈታ «ተዋናይቱ ዛሬም» እንደ ማለት ነው። ደራሲዋም፣ አዘጋጇም፣ በራሷ ስም የምትጫወተውም እርሷው ናት። ሽልማት በሽልማት የሆነች፣ የሚፈልጋት ሚና ግን የጠፋባት ሴት ታሪክ ነው።

በመጀመሪያው ክፍል ከጓደኞቿ ጋር ተራራ ልትወጣ ሄዳ፣ መጠጥ እየጠጡ ስለ መልኳ በግላጭ ከሚወያዩ ወንዶች ጋር ማዕድ ትቀመጣለች። እኔም ወጣት ሳለሁ በአንድ የቲያትር ክበብ ውስጥ «ለመልክሽ የሚሆን ሚና አልተጻፈም» ተብዬ ስለማውቅ፣ ያንን ትዕይንት ሳየው ጥርሴን ነክሼ ነው። ሙን ሶ ሪ ግን ያንኑ ውርደት እንድናዝንላት ሳትለምን፣ ፊቷ ላይ ባለችው ቀጭን የይሉኝታ ፈገግታ ብቻ አሳቀችኝ፤ ፈገግታዋን አንዴ ረዘም፣ አንዴ አጠር ስታደርግ ትዕግሥቷ ምን ያህል እንደቀረ መቁጠር ይቻላል።

ሁለተኛው ክፍል ከሁሉ ይበልጣል። ባንክ ብድር ትጠይቃለች፣ ልጇን ታባብላለች፣ አማቷን ለመጠየቅ ትሮጣለች፤ በዚህ ሁሉ መካከል እናቷ የጥርስ ሕክምና ዋጋ እንዲቀነስላት ታዋቂዋን ልጇን ሐኪሙ ዘንድ ፎቶ እንድትነሳ ትጠይቃታለች። የእንግሊዝኛውን የግርጌ ጽሑፍ እየተረጎምኩላት ሳለ እናቴ ሆዷን ይዛ ሳቀች፤ «እዚህ ታይዋን ገበያ ዋጋ ስከራከር አንቺን ይዤ ብሄድ ኖሮ!» ብላ ደግሞ ከት አለች። ታዋቂነት ለቤተሰብ ቅናሽ ማስገኛ ሆኖ ሲቀር ያስቃል፤ ከሳቁ በኋላ ደግሞ መኪናዋ ውስጥ ብቻዋን የቀረችውን ሴት እናያለን።

የመጨረሻው፣ የአንድ አዘጋጅ ለቅሶ ቤት ታሪክ፣ ከሁለቱ ዝግ ያለ ነው፤ ንግግሩ በዝቶብኛል።

ፊልሙ ሲያልቅ ባሏን ሆኖ የሚጫወተው እውነተኛ ባሏ፣ የፊልም አዘጋጁ ጃንግ ጁን ህዋን መሆኑን ለእናቴ ነገርኳት። ጥቂት አሰበችና «ታዲያ ባሏ ፊልም የሚሠራ ከሆነ ሥራ ፍለጋ ተራራ ለተራራ ምን አንከራተታት?» ብላ ቡና ልታፈላ ተነሳች።