ዘግይቶ የመጣው ሊ ቻንግ ዶንግ

ከደቡብ ኮሪያ የፊልም ዳይሬክተሮች ለእኔ አንደኛው ሊ ቻንግ ዶንግ ነው። እ.ኤ.አ. በ1954 ዴጉ ከተማ ተወለደ። መጀመሪያ የሁለተኛ ደረጃ መምህርና ልብ ወለድ ጸሐፊ ነበር። የራሱን የመጀመሪያ ፊልም «ግሪን ፊሽ»ን የሠራው በ1997፣ አርባን ካለፈ በኋላ ነው።

ልቤን የወሰደው ግን «ፔፐርሚንት ካንዲ» ነው። ታሪኩ ወደ ኋላ ነው የሚሄደው። በ1999 አንድ ሰው በሚመጣ ባቡር ፊት ይቆማል። ከዚያ ዓመታቱን እየገፈፈ እስከ 1979 ይወስደናል። ይህንን ሰው ጨካኝ ፖሊስ ሆኖ አስቀድመን እናየዋለን። በ1980 በጓንጁ ከተማ ወታደሮች ሰልፈኞችን በጨፈጨፉበት ወቅት ምን እንደደረሰበት የምናውቀው በኋላ ነው። ስጠላው የቆየሁትን ሰው መጨረሻ ላይ አለቀስኩለት። እንዲህ የሚጽፍ ሰው ብዙ የለም።

በ2003 የባህልና ቱሪዝም ሚኒስትር ሆነ፤ ብዙም ሳይቆይ ወደ ሥራው ተመለሰ። ተመልሶም «ሲክሬት ሰንሻይን»ን ሠራ፤ ተዋናይቷ ጆን ዶ ዮን በ2007 በፈረንሳዩ የካን የፊልም ፌስቲቫል ላይ በምርጥ ተዋናይትነት ተሸለመች። በ2010 ደግሞ እሱ ራሱ በ«ፖየትሪ» የካንን የስክሪፕት ሽልማት ወሰደ። ግጥም መጻፍ የምትማር አሮጊት ታሪክ ነው። እናቶቻችሁን ይዛችሁ እዩት።