ድምፅ አውጥተሽ አንብቢው

ዛሬ በካይሮ አዝበኪያ፣ በአሮጌ መጻሕፍት መሸጫው፣ የግብፃዊውን ደራሲ የጣሃ ሁሴንን ግለ ታሪክ «አል አያም» በዝምታ ሳገላብጥ ሻጩ አዛውንት «ልጄ፣ እሱን ድምፅ አውጥተሽ አንብቢው» አሉኝ። እየተደናቀፍኩም ቢሆን አንድ ገጽ አነበብኩላቸው። አንድ ሐረግ በተደጋገመ ቁጥር የቀኝ እጃቸው ጣት የመጻሕፍቱን ክምር መታ ታደርጋለች፤ ስሳሳት ደግሞ ጣቷ ቀጥ ትላለች።

እ.ኤ.አ. በ1889 የተወለዱት ጣሃ ሁሴን በልጅነታቸው ዓይናቸውን ስላጡ ድርሰቶቻቸውን በቃል እየነገሩ ያስጽፉ ነበር፤ ያ ድግግሞሽም የሚናገር ሰው ትንፋሽ ነው። በ1934 በታተመው «ዱዓ አል ከረዋን» ልቦለድ፣ አጎቷ እኅቷን ለክብር ሲል የገደለባት፣ አምና የተባለችው ገጸ ባሕርይ ታሪኳን የምትተርከው በዚሁ ቅኝት ነው። የጥንቱን ግሪካዊ ጸሐፌ ተውኔት ሶፎክለስን ወደ ዐረብኛ የመለሱትም፣ በ1926 «ከእስልምና በፊት የነበረ የሚባለው አብዛኛው ግጥም ኋላ የተፈጠረ ነው» ብለው ግብፅን ያናወጡትም እኚሁ ሰው ናቸው፤ ይህን ያሉበት መጽሐፍ ከገበያ ተነሥቶ በማግስቱ ዓመት በተሻሻለ መልክ ወጣ።

እኔ ግን (ብዙ ሰው ላይስማማኝ ይችላል) ከሁሉ የማስበልጠው በ1914 ለዶክትሬት ያቀረቡትን፣ ስለ ዐረቡ ባለቅኔ አል መዓሪ የጻፉትን ጥናት ነው። ዓይነ ስውር ተመራማሪ ስለ ዓይነ ስውር ባለቅኔ ሲጽፍ ሐዘኔታ ይጫነዋል ብዬ ጠብቄ ነበር፤ እሳቸው ግን ገጣሚውን የዘመኑና የአካባቢው ውጤት አድርገው፣ እንደ ዳኛ ረጋ ብለው ይመረምሩታል።