ነጭ ለብሰው ሸኙት

የዛሬው የደብረ ብርሃን ብርድ ለጉድ ነው። የጎረቤት ቀብር ውዬ መጣሁ። ማታ ከታናሽ ወንድሜ ጋር ጋቢ ተከናንበን «ብላክ ፓንተር፦ ዋካንዳ ፎርኤቨር» የተባለውን ፊልም አየን። እኔ ሁለተኛዬ ነው።

«ለምን ሌላ ተዋናይ አልተኩበትም?» አለኝ።

በመጀመሪያው ክፍል የዋካንዳን ንጉሥ የተጫወተው ቻድዊክ ቦስማን እ.ኤ.አ. ነሐሴ 2020 በአንጀት ካንሰር ሲሞት ገና 43 ዓመቱ ነበር። ሕመሙን ለሕዝብ አልተናገረም። ዳይሬክተሩ ራያን ኩግለር ክፍል ሁለትን ለእሱ ብሎ ጽፎ ነበር። ሲሞት ታሪኩ እንደ አዲስ ተጻፈ፤ ንጉሡ በፊልሙም ሞተ። የንጉሡን እህት ሹሪን የምትጫወተው ሌቲሺያ ራይት ደግሞ ቀረጻ ላይ ተጎድታ ሥራው ተቋርጦ ነበር።

ፊልሙ በ2022 ወጥቶ ከ800 ሚሊዮን ዶላር በላይ አስገባ። ከመጀመሪያው ያንሳል። ረዘመ ያሉም ነበሩ፤ 2 ሰዓት ከ41 ደቂቃ ነው። ግን ለቅሶ ቤት ማን ሰዓት ያያል?

እኔን የያዘኝ የቀብሩ ትዕይንት ነው። እኛ ጥቁር ለብሰን ነጠላ እናዘቀዝቃለን። የዋካንዳ ሰዎች ግን ከራስ እስከ እግር ነጭ ለብሰው፣ እየጨፈሩ ንጉሣቸውን ሸኙት። ልብሱን የሠራችው ሩት ካርተር በሁለቱም ክፍሎች ኦስካር ወስዳለች። ይገባታል!

መጨረሻ ላይ ሹሪ የሐዘን ልብሷን ስታቃጥል ወንድሜ እንባውን በጋቢው ጫፍ ጠረገ። ከነገ ወዲያ ሠልስት ነው። አብሬሽ እሄዳለሁ ብሎኛል።