ነጩ ወረቀትና ፊቴ፦ የሦስት ወር የቪዲዮ ሙከራ

የቪዲዮ አርት (ቪዲዮን እንደ ሥዕል ለጥበብ መጠቀም) መሞከር ከጀመርኩ ሦስት ወር ሞላኝ። ሰው ፊት ላቀርበው የምደፍረው ሥራ አንድ ብቻ ነው፤ እሱም አራት ደቂቃ አይሞላም።

መጀመሪያ ያሰብኩት ቀላል ነበር። ፊቴን እቀርጻለሁ፣ ስለ ቆዳዬ ቀለም የተጠየቅኳቸውን ጥያቄዎች በድምፅ እደርብበታለሁ፣ አለቀ። ነጭ ግድግዳ ተደግፌ ቀረጽኩ። ስከፍተው ግድግዳው ቁልጭ ብሏል፤ እኔ ዓይንና ጥርስ ብቻ ሆኛለሁ። መብራት ጨመርኩ። ግድግዳው ያው፣ እኔም ያው።

ለካ ፊት መለየት በማይችል ካሜራ ላይ አውቶማቲክ ኤክስፖዠር፣ ማለትም ካሜራው በራሱ የሚመርጠው የብርሃን መጠን፣ ፊትን ከግድግዳ አይለይም። ፍሬሙ ውስጥ ያለውን ብርሃን አማካይ ወስዶ ወደ መካከለኛ ግራጫ ይጎትተዋል። ነጭ ሲበዛበት ሁሉንም ያጨልማል። ቆዳችሁ በደንብ እንዲታይ ከፈለጋችሁ ኤክስፖዠሩን ጉንጫችሁ ላይ ለክታችሁ ቆልፉት፤ ግድግዳው ቢነጣ ይንጣ።

በፊልም ዘመንም ነገሩ የባሰ ነበር። ላቦራቶሪዎች የፎቶ ቀለም የሚያስተካክሉት «ሸርሊ ካርድ» በሚባል ናሙና ነበር፤ ለአሥርት ዓመታት ካርዱ ላይ የነበረችው ነጭ ሴት ናት። ፊልሙ ጥቁር ቡናማን በደንብ አያሳይም ብለው ካማረሩት መካከል የቸኮሌትና የቤት ዕቃ አምራቾች ይገኙበታል። ለቸኮሌት! መጀመሪያ ሳቅኩ፣ ከዚያ ተናደድኩ።

በዚሁ መሀል ጥቁር አሜሪካዊቷ አርቲስት ሃዋርዴና ፒንዴል እ.ኤ.አ. በ1980 የሠራችውን የ12 ደቂቃ ቪዲዮ አየሁ። የደረሰባትን የዘር መድልዎ ትናገራለች፤ ከዚያ ብጫ ዊግና ጥቁር መነጽር አድርጋ፣ ነጭ ሴት ሆና፣ የራሷን ቃል ታጣጥላለች። አንድ ቦታ ላይ ጭንቅላቷን በነጭ ፋሻ ትጠመጥማለች። ከንግግሩ ሁሉ ያ ፋሻ ነው ከዓይኔ አልጠፋ ያለው።

ስለዚህ ማስተካከሉን ተውኩት። ፊት መለየት የማይችል አሮጌ ካሜራ ተውሼ አውቶማቲኩ ላይ አደረግኩት። ነጭ ወረቀት ከጎን ቀስ እያልኩ ወደ ፍሬሙ አስገባሁ። ወረቀቱ ሲገባ ፊቴ ይጨልማል፤ ሳወጣው ይመለሳል። ፊቴ ላይ አንዲት ጡንቻ አልተነቃነቀችም። ካሜራው እስኪወስን ትንሽ ይዘገያል፤ ያቺን መዘግየት በጣም ወደድኳት።

የጥያቄዎቹን ድምፅ ለመቁረጥ ግን አንጀቴ አልችል ብሎ ሳምንት ፈጀብኝ። በመጨረሻ ጓደኛዬ አይቶት «ወረቀቱ እኮ ነግሮኛል፤ አንቺ ምን ታስረጂኛለሽ?» አለኝ። አሁን የሚሰማው የወረቀቱ ኮሽታ ብቻ ነው።

የከበደኝ መጨረሻው ነው። ወረቀቱ እንደገባ ልቁረጠው ወይስ ካወጣሁት በኋላ? ሁለቱንም ኤዲት አድርጌ ለሁለት ሰው አሳየሁ። አንዱ ያኛውን፣ አንዱ ይሄኛውን አለ።