ዶክተር ግራሃምና የልጆቹ የደም ግፊት

አርቺባልድ ግራሃም በአሜሪካ ትልቁ የቤዝቦል ሊግ የተጫወተው አንድ ጨዋታ ብቻ ነው። ቀኑ ሰኔ 22 ቀን 1897 ዓ.ም. ነበር፤ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ጁን 29 ቀን 1905 መሆኑ ነው። ቡድኑ ኒው ዮርክ ጃይንትስ ከብሩክሊን ጋር ሲጋጠም አሠልጣኙ ጆን ማክግሮው በስምንተኛው ዙር አስገብተው በሜዳው ቀኝ በኩል አቆሙት። በቤዝቦል ዘጠኝ ዙር አለ፤ በየዙሩ ተጫዋቾች ተራ በተራ ዱላ ይዘው የተወረወረላቸውን ኳስ ይመታሉ፣ ሦስት ሰው ከጨዋታ ሲወጣበትም ቡድኑ ተራውን ያስረክባል። በዘጠነኛው ዙር ግራሃም ቀጣዩ መቺ ሆኖ ሲጠባበቅ ከፊቱ የነበረው ተጫዋች ሦስተኛ ሆኖ ወጣ። ግራሃም ለመምታት ሳይቀርብ ጨዋታው አለቀ፤ ከዚያ በኋላም በትልቁ ሊግ ዳግመኛ አልተሰለፈም።

ይህን ታሪክ በመንዝ፣ መሐል ሜዳ ከተማ ለሚኖሩት አባቴ ስነግራቸው ከልባቸው አዘኑ። በወጣትነታቸው በመንዝ የገና ጨዋታ የታወቁ መቺ ስለነበሩ፣ ዱላ ይዞ ጥንጓን ሳይነኩ ከሜዳ መመለስ ምን እንደሆነ ያውቁታል። «ተራው ደርሶ ሳለ? እንዴት ያለ ዕድል ነው!» አሉኝ። በዓለም ዙሪያም ግራሃም የሚታወሰው በዚሁ ነው። እኔ ግን በነርስነት ሥራዬ ምክንያት የማስታውሰው በሌላ ነገር ነው፤ ስለ እርሱ የሚጻፈው አብዛኛው ጽሑፍ ይህን በአንድ ዓረፍተ ነገር ማለፉም ያሳዝነኛል።

ግራሃም በዚያው በ1905 በሜሪላንድ ዩኒቨርሲቲ የሕክምና ትምህርቱን አጠናቀቀ። በአነስተኛ ሊጎች ጥቂት ዓመት ከተጫወተ በኋላ በሚኒሶታ ግዛት ወደምትገኘው ወደ ቺሾልም ሄደ። ቺሾልም የብረት ማዕድን የሚወጣባት ትንሽ ከተማ ስትሆን፣ ማዕድን ቆፋሪዎቹ ከልዩ ልዩ የአውሮፓ አገሮች የመጡ ድሆች ነበሩ። ግራሃም በዚያች ከተማ ከ40 ዓመት በላይ የትምህርት ቤቶች ሐኪም ሆኖ አገለገለ፤ መነጽር መግዛት ለማይችሉ ልጆችም መነጽር ይሰጥ ነበር።

ከዚህ ሁሉ የሚበልጥብኝ ግን የልጆቹን የደም ግፊት መለካቱ ነው። የልጅ ግፊት ከዕድሜውና ከቁመቱ ጋር ስለሚለዋወጥ፣ 120 በ80 የሚባለው የአዋቂ ልክ ለልጅ አይሆንም። የጤነኛ ልጅ ልኩ ስንት እንደሆነ ለማወቅ ያለው መንገድ ብዙ ጤነኛ ልጆችን በትዕግሥት መለካት ብቻ ሲሆን፣ ይህን ለማድረግ በየቀኑ ተማሪዎች መካከል ከሚውል ሐኪም የተሻለ ማንም አልነበረም። ግራሃም ከሁለት ባልደረቦቹ ጋር ከ5 እስከ 16 ዓመት ባሉ ልጆች ላይ ያደረገውን ጥናት በአውሮፓውያን አቆጣጠር በ1945 በአሜሪካ የሕፃናት ሕክምና መጽሔት አሳተመ።

የምሠራው በመንዝ በሚገኝ አንድ ጤና ጣቢያ ነው። በየወሩ ወደ አካባቢው ትምህርት ቤት ስወጣ ይዤ የምሄደው የግፊት መለኪያ ለብዙ ዓመታት የነበረው በክንድ ላይ የሚታሠር መጠቅለያ የአዋቂ ብቻ ነበር። ሰፊውን መጠቅለያ በቀጭን የልጅ ክንድ ላይ ማሠር ደግሞ ግፊቱን ከእውነተኛው ዝቅ አድርጎ ያሳያል፤ ስለዚህ ስንት ልጅ «ደህና ነህ» ብዬ እንደሰደድሁ ሳስበው እስከ ዛሬ ይከብደኛል። የግራሃምን ታሪክ ያነበብሁትም ስለዚሁ ጉዳይ ስፈልግ ነው።

ይህን ሁሉ ለአባቴ አስረዳኋቸው። የመነጽሩን ነገር ሲሰሙ መርቀውታል። ነገር ግን በነሐሴ 1957 ዓ.ም. ማረፉን ስነግራቸው ጥቂት ዝም ብለው፣ «ቢሆንም አንድ ጊዜ መምታት ነበረበት» አሉ። በዚህ አልተስማማንም።

አሁን የልጅ መጠቅለያ አግኝቻለሁ። ባለ መስመር ደብተር ገዝቼ ዕድሜ፣ ቁመትና ግፊት የሚጻፍባቸውን ዓምዶች አሠመርሁ፤ ባለፈው ዓርብም የመጀመሪያዎቹን 31 ተማሪዎች ለካሁ። የሦስቱ ክንድ ለአዲሱ መጠቅለያም ስለቀጠነ፣ ከዚያ የሚያንስ እስኪገኝ ድረስ ስማቸውን በእርሳስ ጽፌ የግፊቱን ቦታ ክፍት ትቼዋለሁ።