የባቲ ሰኞ እና የፖሊሶቻችን ስልጠና

የአክስቴ ልጅ ባቲ ከተማ ውስጥ ፖሊስ ነው፣ ሰሞኑን ከስልጠና ተመልሶ እሁድ ቡና ላይ ሲያወራን አመሸ፣ እኔም ስሰማው ይሄንንማ መጻፍ አለብኝ አልኩ።

የባቲን የሰኞ ገበያ የምታውቁ ታውቁታላችሁ፣ አፋሩ ኦሮሞው አማራው ግመሉን ፍየሉን ይዞ ይሞላታል፣ ታዲያ ጠብ ተነስቶ ሰው ቢጎዳ ቀድሞ የሚደርሰው ያው የከተማው ተራ ፖሊስ ነው፣ ከዞን መርማሪ እስኪመጣማ ቦታውን ሰው ረግጦት ዱካ የሚባል አይተርፍም። ስልጠናው ላይ ደጋግመው የነገሯቸው ይሄንኑ ነው፣ መጀመሪያ የተጎዳውን እርዳ፣ ከዛ ገመድ ወጥር፣ ማን ገባ ማን ወጣ ከነሰዓቱ ጻፍ። ደም የነካ ልብስ ደሞ ፌስታል ውስጥ አይከተትም፣ እርጥበቱ ታፍኖ ማስረጃውን ያበላሸዋል፣ አድርቀህ ወረቀት ውስጥ ነው። ይሄን አላውቅም ነበር!

በጣም የነካኝ ግን የቋንቋው ነገር ነው። የ1987ቱ ህገ መንግስት አንቀጽ 19 የተያዘ ሰው ለምን እንደተያዘ በሚገባው ቋንቋ ወዲያው ይነገረው ይላል፣ በ48 ሰዓት ውስጥም ፍርድ ቤት ይቅረብ፣ የመንገዱ ጊዜ ሳይቆጠር ማለት ነው። እና አፋርኛ ብቻ የሚችል አባት ተይዞ የሚያናግረው ካጣ መብቱ የት አለ? እኔ ራሴ ሻይ የምትሸጥ ልጅ ከገበያ ተጠርታ ስታስተረጉም አይቻለሁ፣ አፍራ ግማሹን ዋጠችው፣ ወላሂ ያሳዝናል።

የአክስቴ ልጅ አሁን ደብተር ገዝቶ አፋርኛ እየጻፈበት ነው፣ መጀመሪያ የጠየቀው «የያዝኩህ ለምን እንደሆነ ልንገርህ» እንዴት እንደሚባል ነው።